አሥራ ዘጠኝ ሳህን የአተር ሾርባ

አስካል ከአየር ማረፊያው ሥራዋ ወጥታ ቤቷ ስትደርስ የተመኘችው ነገር ቢኖር ጫማዋን አውልቃ፣ እግሯን ትራስ ላይ ሰቅላ፣ ማንም ሳያናግራት መተኛት ነበር። ጎህ ሳይቀድ የጀመረችው ሺፍት ያለቀው ቀትር ላይ ነው። በዚያች ጠዋት ሃሪ ሪድ በሚሉት የቬጋስ አየር ማረፊያ አሥራ አራት መንገደኛ በተሽከርካሪ ወንበር ገፍታለች። የመጨረሻው ሰውዬ አንዱን ሻንጣ ጭኑ ላይ፣ ሌላውን ሻንጣ በሻንጣው ላይ ጭኖ፣ "ፈጠን በዪ፣ ሊያመልጠኝ ነው" እያለ ነበር ከዳር እስከ ዳር ያስነዳት። ዕድሜዋ ስልሳ ሦስት ነው። ጉልበቷ ግን አሥር ዓመት ሳይበልጣት አይቀርም።

መተኛት ግን የለም። ማቀዝቀዣው ውስጥ አንድ የአሳማ አጥንት ይጠብቃታል።

የአሳማ ነው ያልኩት፤ አልተሳሳትኩም። አስካል በሱዳን በኩል ተሰድዳ አሜሪካ ከገባችበት ጊዜ ጀምሮ ረቡዕና ዓርብን ሽራ የማታውቅ፣ ድንች ጥብስ ስትገዛ እንኳ "ዘይቱ ሌላ ምን ተጠብሶበታል?" እያለች አስተናጋጁን የምታስመርር ሴት ናት። ያን አጥንት ጎረቤቷ ሰኞ ዕለት ሲሰጧት በሁለት ጣቷ ነው የተቀበለችው። ቤት አምጥታ በሦስት ፌስታል ጠቀለለችው፤ ከዚያ ጫማ ካርቶን ውስጥ ከተተችው፤ ከዚያ ካርቶኑን ከቅቤዋ የመጨረሻ ርቀት ላይ አስቀመጠችው። ቅቤው አጥንቱን አይቶ የሚበላሽ ይመስል።

ባሏ ወልደሥላሴ ሳሎን ተቀምጧል። ታክሲ መንዳት ካቆመ ወዲህ የሶፋው አካል ሆኗል፤ ስልኩን አፍንጫው ሥር አስጠግቶ ስብከት ያዳምጣል።

"መጣሽ? ዛሬ ነው እንዴ ነገርየው?" አላት።

"ዛሬ ነው እንጂ። ነገ ጠዋት ልጃቸው ሊወስዳቸው መኪና ይዞ ይመጣል። ኦቨርታይም ሥሪ ሲሉኝ እንኳ እምቢ ብዬ ነው የመጣሁት።"

"ለምን እውነቱን አትነግሪያቸውም?"

"አሁን? ሊሄዱ አንድ ሌሊት ሲቀራቸው?"

"ሳይደርቅ በእርጥቡ፣ ሳይርቅ በቅርቡ ብዬሽ ነበር በጊዜው።"

"ብለኸኛል። ሺ ጊዜ ብለኸኛል። አሁን እባክህ የጋራዡን በር ክፈትልኝ፤ ተረቱን በኋላ ትጨርሰዋለህ።"

ነገሩ የተጀመረው የዛሬ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ነው። አስካልና ወልደሥላሴ አሊያንቴ የሚባለው የቬጋስ ሰፈር ውስጥ ይችን ቤት ከገዙ ሁለት ወር አልሞላቸውም ነበር። አስካል የሐሞት ጠጠር ኦፕራሲዮን ተደርጋ ከሐኪም ቤት በተመለሰች በሦስተኛው ቀን በሩ ተንኳኳ። ከማዶ ያሉት ፈረንጅ ጎረቤት ናቸው፤ ግሌንዳ ይባላሉ። መሐል ከተማ ካለ ካዚኖ ሠላሳ ዓመት ካርታ ሲያድሉ ኖረው ጡረታ የወጡ፣ ባል የሞተባቸው ቀጭን ሴትዮ። በሁለት እጃቸው የሚጨስ ሳህን ይዘው፣ "የአተር ሾርባ ነው፤ ያበረታሻል" አሏት።

አስካል የአተር ክክ መሆኑን ስታይ ደስ አላት። ፈረንጅም እንደኛ ክክ ይበላል ለካ ብላ፣ አመስግና፣ በሩን ዘጋች። ማንኪያውን ከፍ አድርጋ ወደ አፏ ልታደርስ ስትል ከክኩ መሐል ሮዝ ነገር ብቅ አለ። ወልደሥላሴ አየው። "አስኪ፣ ይሄ ሃም ነው፤ የአሳማ ሥጋ" አለ። ማንኪያው እዚያው ቆመ፤ ሳህኑም እንዳለ ተደፋ።

በማግስቱ ሳህኑን አጥባ ልትመልስ ሄደች። እዚህ ላይ ነው እንግዲህ ጉዱ። ግሌንዳ በሩን ከፍተው፣ እንደ ሕፃን ዓይናቸውን ፈጠጥ አድርገው፣ "እንዴት ነበር? ወደድሽው?" አሏት። አስካል ምን ትበል? ሰው ታመሻል ብሎ አብስሎ አምጥቶልሽ፣ "ደፋሁት" ይባላል? ይሉኝታ የሚሉት ጌታ ምላሷን ያዘና፣ "በጣም ይጣፍጣል! እንደዚህ ያለ ሾርባ በልቼ አላውቅም!" አስባላት። ሁለተኛው ዓረፍተ ነገር እንኳ እውነት ነበር።

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም። ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ ሾርባው መጣ። ግሌንዳ አስካል እንደምትጾም ሲያውቁ ደግሞ ከፈረንጆቹ ፋሲካ የተረፈውን የሃም አጥንት ፍሪዘር ውስጥ አስቀምጠው፣ የሐበሻው ፋሲካ እስኪያልፍ ጠብቀው ማምጣት ጀመሩ። እንዲህ ያለ አክብሮት! ጾም ነው ብላ እንኳ እንዳታመልጥ ከፋሲካ እስከ ጰራቅሊጦስ ሃምሳውን ቀን ጾም የለም። አስካል በየዓመቱ በሩን ገርበብ አድርጋ፣ ሳህኑን ተቀብላ፣ "ቴንክ ዩ፣ ቴንክ ዩ" ብላ ትዘጋለች። ይግቡ አትልም። እንዴት ትበል? ከገቡ መብላት ሊመጣ ነው። እንግዳ ከደጇ መልሳ የማታውቅ ሴት፣ በዓመት አንድ ቀን አንዲትን አሮጊት ከደጅ ትመልሳለች ማለት ነው። ይህን እያወቀች ታደርገው ነበር፤ ባደረገችው ቁጥር ደግሞ ቀኑን ሙሉ ይከፋታል።

ዘንድሮ በብርዱ ወራት ግሌንዳን ስትሮክ መታቸው። ቀኝ እጃቸው አልታዘዝ አለ። ሐኪሙም ጨው ከቤትዎ ያውጡ አላቸው። ልጃቸው ኦሪገን ነው የሚኖረው፤ ቤቱን ሸጦ ወደዚያ ሊወስዳቸው ቆረጠ። ሰኞ ዕለት አስካል ልትጠይቃቸው ብትሄድ፣ በግራ እጃቸው ፍሪዘሩን እያሳዩ እንዲህ አሏት፦

"አጥንቱ አለ። እጄ ግን እንደምታዪው ነው። ዘንድሮ አንቺ ሥሪው።"

"እኔ?" አለች አስካል። በእንግሊዝኛ አንቺና እርስዎ የለም እንጂ እሷ በልቧ ሁልጊዜ እርስዎ ነው የምትላቸው። "እኔ እኮ እንደርስዎ አልችልበትም።"

"ካንቺ በላይ ጣዕሙን ማን ያውቀዋል? አሥራ ዘጠኝ ዓመት በላሽው። አጥንቱን ሁለት ሰዓት ቀቅዪው፤ ሽንኩርት፣ ካሮት፣ ሰለሪ፤ ከዚያ ክኩ እስኪሟሟ ድረስ። ማንኪያው ቀጥ ብሎ ሲቆም ደርሷል ማለት ነው። ሐሙስ አመሻሽ ላይ እዚህ፣ እኔ ጠረጴዛ ላይ፣ አብረን እንበላለን። ሁልጊዜ በር ላይ ተቀብለሽኝ ትገቢያለሽ። ከመሄዴ በፊት አንድ ቀን ቁጭ ብለሽ ስትበዪ ልይሽ።"

"ደስ ይለኛል" አለች አስካል። ምን ዓይነት ምላስ ነው ግን የሰጣት?

እንግዲህ ሦስት ቀን ያስጨነቃት ይኸው ነው። ወይ ፊት ለፊታቸው ተቀምጣ አሳማ ልትበላ ነው፤ ወይ አሥራ ዘጠኝ ዓመት የዋሸቻቸውን በመጨረሻው ቀን ነግራ ልብ ሰብራ ልትሸኛቸው ነው። ሦስተኛ መንገድ ፈልጋ ፈልጋ ያገኘችው "ሆዴን አሞኛል" የሚል ነው። ሃያኛ ውሸት መሆኑ ነው።

ቬጋስ ያለ የሐበሻ ቤት ጋራዡ ውስጥ መኪና አይቆምም፤ ምድጃ ነው የሚቆመው። ቁሌት ቤቱና ልብሱ ላይ እንዳይሸት ብለን ጋዝ ምድጃችንን እዚያ ተክለን፣ መኪናችንን ፀሐይ ላይ እናቆማለን። አስካልም ከግሌንዳ የተዋሰችውን ትልቅ ድስት እዚያ ጣደች። የራሷን ድስትማ እንኳን ለአሳማ፣ ለጾምና ለፍስክም ለይታ ነው የምታስቀምጠው። ግንቦት ነው፤ ጋራዡ እሳት ሳይለኮስበትም እሳት ነው። የማብሰያ ጓንት አድርጋ፣ ፊቷን ወደ ጎን መልሳ፣ አጥንቱን ውሃው ውስጥ ጣለችው።

ሁለት ሰዓት ቀቀለች። ላቧ በጀርባዋ ይወርዳል። ተገልብጦ በተቀመጠ ባልዲ ላይ ተቀምጣ ሽንኩርትና ካሮት ከተፈች፤ አንድ ጊዜ ቢላዋ እንደያዘች አሸለባት። ስትነቃ ሥጋው ከአጥንቱ እየለቀቀ ነው። አረንጓዴውን ክክ አጥባ ጨመረችና ማማሰል ጀመረች። ክክ እንኳ የሷው ነው፤ ከሕፃንነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች። መጀመሪያ እንቢ ይልሻል፣ ከዚያ ዳር ዳሩ ይፈርሳል፣ ከዚያ ባንድ ጊዜ እጅ ይሰጣል። ማንኪያዋን ብታቆመው ቆመ።

የቀረው ጨው ነው። ሳትቀምስ ማጣፈጥ ለአስካል አዲስ ነገር አይደለም። በሁዳዴ ለፋሲካ የሚደርሰውን ዶሮ ወጥ ስትሠራ ምላሷን አስነክታ አታውቅም። እንፋሎቱን በመዳፏ ወደ አፍንጫዋ ትስብና "ጨው ይቀረዋል" ካለች በእርግጥም ይቀረዋል። የቤተ ክርስቲያን ሴቶች ለዚህ አፍንጫዋ ይቀኑባታል። ዛሬ ግን እንፋሎቱን ብትስበው ጭስ ጭስ ይላል፤ ሌላ ምንም አይነግራትም። ደግማ ሳበችው፤ አሁንም ጭስ።

"ወልዴ!" ብላ ተጣራች። "ናማ ጨውን ቅመስልኝ።"

"እኔ?" አለ በሩ ላይ ብቅ ብሎ። "ሴትዮ፣ በስተርጅና ልታስኮንኚኝ ነው? በይ ተይኝ!" በሩን መልሶ ዘጋው።

ክክ ጨው ይወዳል። ይህን ደግሞ ማንም አያስተምራትም። ለዚህ የሚያህል ድስት ክክ ሁልጊዜ የምትጨምረውን ያህል፣ እፍኝ ሊሞላ ትንሽ የቀረው ጨው ዘግና ጨመረች። ሃም የሚባለው ሥጋ ገና ገበያ ሳይወጣ ጨው ውስጥ ታሽቶ እንደሚከርም ከየት ታውቃለች? በልቶት የማያውቅ ሰው ይህን አያውቅም።

አመሻሽ ላይ ድስቱን በፎጣ ይዛ ማዶ ተሻገረች። የግሌንዳ ሳሎን ካርቶን በካርቶን ሆኗል፤ ግድግዳው ላይ ፎቶዎቹ የነበሩበት ቦታ ብቻ ነጣ ነጣ ብሎ ይታያል። የቀሩት አንድ ጠረጴዛና ሁለት ወንበር ናቸው። ግሌንዳ ሊፕስቲክ ተቀብተዋል። በግራ እጅ የተቀቡት መሆኑ ያስታውቃል፤ ትንሽ ወደ ጉንጫቸው ሄዷል። አስካል ይህን ስታይ "ሆዴን አሞኛል" የሚለው ነገር ከአፏ ጠፋ።

ሁለት ሳህን ቀዳች። ተቀመጡ።

"ጸልዪ እንጂ" አሉ ግሌንዳ አንገታቸውን ደፍተው። "አንቺ ሳትጸልዪ እንደማትበዪ አውቃለሁ።"

እንዴት አድርጋ ነው አሳማ የምትባርከው? ሳህኑን ዘልላ ስለ መንገዳቸው ጸለየች። በሰላም ይግቡ፣ ልጅዎ ደጅ በሰላም ያድርስዎ፣ አሜን። ግሌንዳም አሜን ብለው በግራ እጃቸው ማንኪያውን ይዘው ወደ አፋቸው አደረሱ።

አስካል ታያቸዋለች። ሴትዮዋ ሾርባውን አፋቸው ውስጥ እንደያዙ አንዲት ቅጽበት ቆሙ። ዓይናቸው ጠረጴዛው ላይ ተተከለ። ከዚያ ዋጡት፤ ከዚያ ፈገግ አሉ።

"ግሩም ነው፣ የኔ ማር" አሉ። "ልክ እንደኔው።"

ውሃ ጠጡ። ሁለተኛውን ማንኪያ ያዙ። ዋጡ፣ ፈገግ አሉ፣ ውሃ ጠጡ። ብርጭቆው ባዶ ሆነ።

አስካል ያንን ፊት ታውቀዋለች። መስተዋት አያስፈልጋትም፤ አሥራ ዘጠኝ ዓመት በር ላይ ቆማ ያሳየችው የራሷ ፊት ነው። ሰውን ላለማሳፈር ብሎ የሚስቅ ፊት እንዲህ ነው ለካ የሚመስለው!

"ጨው በዝቶበታል?" አለች።

"ኧረ በጭራሽ። ጥሩ ነው።" ሦስተኛውን ማንኪያ አነሡ።

ጨው ከቤትዎ ያውጡ ያለውን ሐኪም አስካል አስታወሰች። ሳታስበው እጇ ተዘርግቶ ማንኪያውን ከግሌንዳ እጅ ወሰደው። ጥቂት ሾርባ ጠረጴዛው ላይ ፈሰሰ።

"አይብሉ። በዝቶበታል፤ ፊትዎ ላይ አየሁት።"

ግሌንዳ ትንሽ አፈሩ። "እሺ፣ ትንሽ በዝቷል። ሃሙ ራሱ ጨው አለው እኮ፤ ሌላ አይጨመርበትም። እሱን ትረሺዋለሽ ብዬ አላሰብኩም።"

"አልረሳሁትም" አለች አስካል። "አላውቅም ነበር። በልቼው አላውቅም፣ ግሌንዳ።"

"ምኑን?"

"ሾርባዎን። አንድም ቀን። እኛ አሳማ አንበላም፤ ሃይማኖታችን አይፈቅድም።"

"አሥራ ዘጠኝ ዓመት?" አሉ ግሌንዳ።

"አሥራ ዘጠኝ ዓመት።"

"ታዲያ የት ታደርጊው ነበር?"

ይህን ጥያቄ አስካል አልጠበቀችውም። መዋሸት ትችል ነበር፤ ግን ደከማት። ከጠዋት ጀምሮ ሰው ስትገፋ ውላ፣ እሳት ፊት ስትቆም አምሽታ፣ ለአንድ ተጨማሪ ውሸት የሚሆን ጉልበት አልተረፋትም። "መጀመሪያ መጀመሪያ እደፋው ነበር" አለች። "ኋላ ኋላ ሥራ ቦታ ወስጄ ለአንዲት ፊሊፒኖ ጓደኛዬ እሰጣት ነበር። እሷ በጣም ትወደዋለች።"

ይቆጡኛል ብላ ጠበቀች። ቢቆጡ ይሻላት ነበር። ግሌንዳ ግን ሳህኑን እያዩ፣ በዝግታ፣ "ሥጋውን እተወው ነበር እኮ" አሉ። "ብትነግሪኝ ክኩን ብቻ እሠራው ነበር። ምን ይቸግረኛል?"

አስካል የፈሰሰውን ሾርባ በሶፍት ጠረገች።

"ሁልጊዜ ሁለት ሳህን ነበር የምቀዳው" አሉ ግሌንዳ። "አንዱን ላንቺ አመጣና ቶሎ ተመልሼ፣ ሳይበርድ፣ የኔን በመስኮቱ በኩል ቁጭ ብዬ እበላለሁ። የናንተ መብራት ከዚያ ይታያል። አሁን አስካልም እየበላች ነው እላለሁ። አብሬያት ነው የምበላው እላለሁ። ባሌ ከሞተ ወዲህ ከሰው ጋር የበላሁባት ቀን ያቺ ብቻ ነበረች።"

አስካል አለቀሰች። እንባዋን ለመደበቅም አልሞከረችም። ይግቡ ብትላቸው ኖሮ! ሥጋውን ትተው፣ ክኩን ብቻ ሠርተው፣ እዚህ ማዶ ለማዶ የሚተያዩ ሁለት ቤቶች ውስጥ ስንት ጊዜ አብረው በበሉ ነበር። ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት እያለች ለሰው ስትተርት የኖረች ሴት፣ አንዲት ቃል መናገር አፍራ ጎረቤቷን አሥራ ዘጠኝ ዓመት ብቻቸውን አስበላቻቸው። ድንገት ካፈርኩ አይመልሰኝ አለችና የራሷን ማንኪያ አነሣች። እግዜር ይይላት፤ ንስሐ አባቷም የፈለጉትን ቀኖና ይስጧት። ማንኪያዋን ሳህኗ ውስጥ አጠለቀች።

ግሌንዳ ተንጠራርተው ያቺን የማትታዘዝ ቀኝ እጃቸውን የአስካል ሳህን ላይ ጣሏት። ጣታቸው ሾርባው ውስጥ ገባ፤ ግድ አልሰጣቸውም።

"አይሆንም" አሉ። "አሁን ደግሞ እኔን ለማስደሰት ብለሽ አትብዪ። በቃሽ።"

አስካል ማንኪያውን አስቀመጠች። የግሌንዳን እጅ ከሳህኑ አንሥታ ጣት በጣት በሶፍት ጠረገችላቸው።

"ምን ሆነሻል?" አሉ ግሌንዳ ፊቷን እያዩ። "እውነቱን ንገሪኝ።"

"ደክሞኛል" አለች አስካል። "በጣም ደክሞኛል። እግሬን ያመኛል። እርስዎ ሲሄዱ እዚህ ቤት ማን እንደሚገባ እያሰብኩ ሦስት ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም።"

ግሌንዳ ራሳቸውን ነቀነቁ። ዓይናቸው ወደ ካርቶኖቹ ሄዶ ተመለሰ።

"ልጄን ደስ ብሎኛል ብዬዋለሁ" አሉ። "መሄድ አልፈልግም፣ አስካል።"

አስካል ተነሣችና ወንበሯን ከጠረጴዛው ማዶ አምጥታ እጎናቸው ተቀመጠች።